ክፍልፋይ ላይ የሚምታቱ ሁለት ነገሮች፦ ምልክት መቀየርና በ1 ማባዛት

የእህቴ ልጅ ሱቅ ስትላክ መልስ ተሳስታ አታውቅም። ደብተሯ ላይ ግን እንዲህ ተጽፎ አገኘሁ፦ "የ−3/4 የመደመር ተቃራኒ 4/3 ነው።" ከሥሩ ደግሞ 1/2 + 1/3 = 2/5። "ግማሽ እንጀራ ላይ ሲሶ ጨምረሽ እንዴት ከግማሽ አነሰ?" ስላት ዝም አለች። 2/5 እኮ ከግማሽ ያንሳል።

ይህንኑ ስህተት ከዓመታት በኋላ እንደገና ለፈተና በሚቀመጡ ትልልቅ ሰዎችም ላይ አይቻለሁ። መጽሐፉ "አዲቲቭ ኢንቨርስ" እና "መልቲፕሊኬቲቭ አይደንቲቲ" ይልና ያስፈራል። ስሙ ነው እንጂ ነገሩ ቀላል ነው። የመጀመሪያው፣ አንድ ቁጥር ላይ ስትደምሩት 0 የሚያደርገው ቁጥር ነው። ሁለተኛው ራሱ 1 ነው። ማንኛውም ቁጥር በ1 ሲባዛ እንዳለ ይቀመጣል።

ስህተቱ የሚመጣው ሁለቱ ሲቀላቀሉ ነው። ምልክት መቀየር ሲገባ ክፍልፋዩ ይገለበጣል። ማባዛት ሲገባ ይደመራል። ስለዚህ ከዚህ በታች ያሉትን ደረጃዎች በቅደም ተከተል ሂዱ። 3ኛውን ዘሎ 4ኛው ላይ የሚገባ ሰው ተመልሶ መምጣቱ አይቀርም።

ከመጀመራችሁ በፊት

የሚያስፈልጋችሁ እርሳስ፣ ላጲስ፣ ማስመሪያና ወረቀት ነው። ካልኩሌተሩን ለጊዜው ራቅ አድርጉት። ለማረጋገጫ ትፈልጉታላችሁ፤ አሁን ግን እጃችሁ ይልመድ።

የማባዣ ሰንጠረዡን እስከ 12 ድረስ በአንድ ወረቀት ጻፉና ጎናችሁ አስቀምጡ። በቃላችሁ ካላወቃችሁት አትፈሩ፣ እያያችሁ ሥሩ። ክፍልፋይ አልገባኝም ከሚሉት ብዙዎቹ የሚሰናከሉት 7 ሲባዛ በ8 ላይ ነው፤ ክፍልፋዩ ምንም አላደረጋቸውም።

ሁለት ቃል ያዙ። ከመስመሩ በላይ ያለው ላዕል፣ ከመስመሩ በታች ያለው ታህት ይባላል። ታህቱ አንዱ ሙሉ ነገር ስንት ቦታ እንደተቆረጠ ይናገራል። ላዕሉ ከዚያ ውስጥ ስንቱ እንደተወሰደ ይናገራል። ታህት መቼም 0 አይሆንም።

ወረቀቱ አናት ላይ ይህን ጥያቄ በትልቁ ጻፉ፦ "ልደርስ የፈለግሁት 0 ነው ወይስ 1?" በየደረጃው ትመለሱበታላችሁ።

ደረጃ 1፦ ተቃራኒንና ግልብጥን ለዩ

ተቃራኒው ምልክቱ የተቀየረው ቁጥር ነው። ከቁጥሩ ጋር ሲደመር 0 ይሰጣል።

ግልብጡ ላዕልና ታህቱ ቦታ የተለዋወጡበት ቁጥር ነው። ከቁጥሩ ጋር ሲባዛ 1 ይሰጣል። ምልክቱ አይነካም።

ወረቀት ላይ ሦስት ዓምድ አስምሩና እነዚህን ራሳችሁ ሙሉ፦

ቁጥሩ 2/5 ከሆነ ተቃራኒው −2/5፣ ግልብጡ 5/2።
ቁጥሩ −3/4 ከሆነ ተቃራኒው 3/4፣ ግልብጡ −4/3።
ቁጥሩ −7 ከሆነ ተቃራኒው 7፣ ግልብጡ −1/7።
ቁጥሩ 1 ከሆነ ተቃራኒው −1፣ ግልብጡ ራሱ 1።
ቁጥሩ 0 ከሆነ ተቃራኒው ራሱ 0፣ ግልብጥ ግን የለውም።

የመጨረሻው ላይ ቆም በሉ። 0ን በምንም ብታባዙት 1 አይመጣም። ስለዚህ የ0 ግልብጥ "0 ነው" ብሎ መጻፍ ስህተት ነው። መልሱ "የለም" ነው።

አሁን የእህቴን ልጅ መልስ እንፈትሽ። −3/4 ላይ 4/3 ብንደምር 0 መምጣት ነበረበት። ታህቱን 12 አድርገን ስንሠራው −9/12 + 16/12 = 7/12 ሆነ። 0 አልሆነም፣ ስለዚህ ተቃራኒው አይደለም። በማባዛት እንሞክር ካልን ደግሞ −3/4 × 4/3 = −1 ነው። 1ም አልሆነም። ምስኪኗ አንድ ጊዜ ምልክት ቀየረች፣ አንድ ጊዜ ገለበጠች፤ ከሁለቱም ሳትሆን ቀረች።

ደረጃ 2፦ ተቃራኒውን በትክክል አውጡ

1. መጀመሪያ የኔጌቲቭ ምልክቱን አንድ ቦታ አድርጉት። −3/4፣ (−3)/4 እና 3/(−4) ሦስቱም አንድ ናቸው። ከመስመሩ ፊት ለፊት አምጥታችሁ ጻፉት። ላዕልም ታህትም ኔጌቲቭ ከሆኑ፣ ማለትም (−3)/(−4) ከሆነ፣ ሁለቱ ይጣፋሉና 3/4 ብላችሁ ጻፉ።

2. ከዚያ ምልክቱን ብቻ ቀይሩ። ቁጥሮቹን አትንኩ።

3. ደምራችሁ 0 መምጣቱን አረጋግጡ። ይህቺን አትዝለሉ፤ አምስት ሰከንድ ናት።

ማስጠንቀቂያ፦ ከላይ በተራ ቁጥር 1 እንደተባለው ምልክቱን ሳትሰበስቡ ከጀመራችሁ ከላይም ከታችም ትቀይሩታላችሁ። የ(−3)/4ን ተቃራኒ 3/(−4) ብሎ የጻፈ ሰው ምንም አልቀየረም። ያው −3/4 ነው።

ሙሉ ቁጥርና ክፍልፋይ አብረው ሲመጡ

−2 1/4 ብዙ ሰው የሚወድቅበት ጉድጓድ ነው። ኔጌቲቩ 2ቱን ብቻ የያዘ ይመስላል። አይደለም፤ ሁለቱንም ይዟል። ለባለሱቁ ሁለት ኪሎ ከሩብ ስኳር ዕዳ አለባችሁ እንበል። "ሁለቱ ኪሎ ዕዳ ነው፣ ሩቡ ግን የእኔ ነው" ብትሉት ይስቅባችኋል። ዕዳው ሙሉው ነው።

ስለዚህ −2 1/4 ማለት −(2 + 1/4) ነው፤ ይህም −9/4። በስህተት −2 + 1/4 ብላችሁ ከሠራችሁ −7/4 ይመጣል። ልዩነቱ ግማሽ ኪሎ ነው፣ ቀላል አይደለም። ተቃራኒው 2 1/4 ወይም 9/4 ይሆናል።

ቅንፍ ሲኖር

−(2/3 − 1/4) ሲመጣ ውስጥ ያለው ሁሉ ምልክቱ ይቀየራል፦ −2/3 + 1/4። የመጀመሪያውን ብቻ ቀይሮ −2/3 − 1/4 መጻፍ በጣም የተለመደ ነው። መድኃኒቱ ቀላል ነው። ከመፍታታችሁ በፊት ቅንፉ ውስጥ ስንት ቁራጭ እንዳለ ቁጠሩ፤ ከፈታችሁ በኋላ ስንት ምልክት እንደቀየራችሁ ቁጠሩ። እኩል መሆን አለበት።

ደረጃ 3፦ 1ን የምትፈልጉትን ልብስ አልብሱት

ሁሉም ነገር የሚወሰነው እዚህ ነው፤ ጊዜ ስጡት።

አንድ መቶ ብር ወስዳችሁ ሁለት ሃምሳ ብታዘረዝሩ ሀብታም አልሆናችሁም፣ አልደኸያችሁምም። የወረቀቱ ብዛት ተቀየረ እንጂ ዋጋው ያው ነው። ክፍልፋይም ይዘረዘራል። ግማሽ እንጀራ ወስዳችሁ ሦስት ቦታ ብትቆርጡት 3/6 ይሆናል። ሆድ ውስጥ ሲገባ ግን ያው ግማሽ እንጀራ ነው።

በጽሑፍ ሲቀመጥ እንዲህ ነው፦ 1/2 × 3/3 = 3/6። 3/3 ማለት 1 ነው። 7/7ም 1 ነው። 100/100ም፣ (−5)/(−5)ም 1 ነው። 0/0 ብቻ ከዚህ ውጭ ነው። እሱ 1 አይደለም፣ ጭራሽ ትርጉም የለውም።

ታህት ለመቀየር

5/6ን ታህቱ 24 የሆነ ክፍልፋይ አድርጉ ተብላችኋል እንበል።

1. አዲሱን ታህት ለአሮጌው አካፍሉ፦ 24 ÷ 6 = 4።
2. የ1 ልብስ 4/4 መሆኑን ጻፉ። በጭንቅላታችሁ ብቻ አትያዙት፣ ጻፉት።
3. ላዕልን በላዕል፣ ታህትን በታህት አባዙ፦ 5/6 × 4/4 = 20/24።
4. ግምት ውሰዱ። 5/6 ወደ ሙሉ የተጠጋ ነው። 20/24ም ወደ ሙሉ የተጠጋ ነው። እሺ፣ ይሄዳል።

እዚህ ደረጃ ላይ ሦስት ስህተት ይደጋገማል።

አንደኛው ከላይና ከታች አንድ ዓይነት ቁጥር መደመር ነው። 1/2 ላይ ከላይም ከታችም 3 ብትጨምሩ 4/5 ይሆናል። ግማሽ የነበረው ሙሉ ሊሆን ተቃረበ። ከየት መጣ? 3/3 ማባዛት ላይ እንጂ መደመር ላይ ገለልተኛ አይደለም። መደመር ላይ ምንም የማይለውጠው 0 ነው።

ሁለተኛው ከታች ብቻ ማባዛት ነው። 5/6 ሲባል 5/24 ተብሎ ይጻፋል። መቶ ብሩን ሰጥታችሁ ሃያ አምስት ብር ብቻ ተቀብላችሁ እንደመሄድ ነው።

ሦስተኛው በ4 ማባዛትንና በ4/4 ማባዛትን አንድ ማድረግ ነው። 5/6 × 4 = 20/6 ነው። ይህ ከሦስት በላይ ነው። ዋጋው አራት እጥፍ ሆኗል።

ለማቃለል

ማቃለል ያንኑ መንገድ ወደ ኋላ መሄድ ነው። 18/24ን 3/4 × 6/6 ብላችሁ ጻፉና 6/6ን አውልቁት፤ 3/4 ይቀራል።

ማስጠንቀቂያ፦ ማጣፋት፣ በተለምዶ ካንስል የምንለው፣ የሚሠራው በሚባዛ ቁጥር ላይ ብቻ ነው። በሚደመር ላይ አይሠራም። (5 + 2)/(5 + 3) ላይ 5ን አጣፍቶ 2/3 የሚል ሰው አለ። ትክክለኛው 7/8 ነው። 5ቱ እዚያ የተደመረ ነው፣ አልተባዛም፤ ስለዚህ የ1 ልብስ ሆኖ አይወልቅም።

በነገራችን ላይ፣ 16/64 ላይ ሁለቱን 6 ብታጣፉ 1/4 ይቀራል፤ መልሱም በአጋጣሚ ትክክል ነው። ተማሪ ይህን አይቶ መንገዱ ትክክል ከመሰለው ጉድ ነው። 13/36 ላይ 3ን አጣፍታችሁ 1/6 በሉና እዩት። 1/6 እኮ 6/36 ነው።

ደረጃ 4፦ ታህታቸው የተለያየ ክፍልፋዮችን ደምሩ

5/6 + (−3/8) እንሥራ።

1. የሁለቱን ታህት ብዜቶች ጻፉ። የ6፦ 6፣ 12፣ 18፣ 24። የ8፦ 8፣ 16፣ 24። መጀመሪያ የተገናኙበት 24 ነው። ትንሹ የጋራ ብዜት የሚባለው ይህ ነው።

2. ለየብቻ የ1 ልብስ ምረጡ። ለ5/6 ልብሱ 4/4 ነው። ለ3/8 ልብሱ 3/3 ነው። ልብሶቹ የተለያዩ መሆናቸው ችግር የለውም። ሁለቱም 1 ናቸው።

3. አባዙ፦ 20/24 + (−9/24)።

4. ላዕሎቹን ብቻ ደምሩ፦ 20 + (−9) = 11። ታህቱ 24 ሆኖ ይቀራል። ታህት የቁራጩ መጠን ስም ነው፤ ስም አይደመርም። ሦስት ሃምሳ ብርና ሁለት ሃምሳ ብር አምስት ሃምሳ ብር ነው፤ አምስት መቶ ብር አይሆንም።

5. የሚቃለል ከሆነ አቃሉ። 11/24 አይቃለልም። ጨርሳችኋል።

ትንሹ የጋራ ብዜት ካልመጣላችሁ

ፈተና ላይ ጭንቅላት ይዘጋል። አትጨነቁ፣ ሁለቱን ታህት አባዙና ሂዱ፦ 6 × 8 = 48። 5/6 × 8/8 = 40/48። 3/8 × 6/6 = 18/48። 40/48 − 18/48 = 22/48። ከዚያ 2/2ን አውልቁ፣ 11/24። ቁጥሩ ይተልቃል እንጂ መልሱ አይሳሳትም። አስተማሪ ትንሹን ብዜት ካላመጣችሁ ብሎ ቢቆጣም፣ የተሳሳተ ትንሽ ብዜት ከማምጣት ይሄ ይሻላል ባይ ነኝ።

ደረጃ 5፦ መቀነስን ወደ መደመር ቀይሩ

መቀነስ ማለት ተቃራኒውን መደመር ማለት ነው። ሁልጊዜ። ይህን አንድ ሕግ ከያዛችሁ "ኔጌቲቭ በኔጌቲቭ ፖዘቲቭ" እያላችሁ በግምት አትኖሩም። ያ አባባል የማባዛት ሕግ ነው፤ ሰው ግን በየቦታው ይሰካዋል። −1/2 − 3/5ን አይቶ "ሁለት ኔጌቲቭ ስላለ መልሱ ፖዘቲቭ ነው" የሚል ተማሪ ከዚህ የመጣ ነው።

ቅደም ተከተሉ፦

1. የመጀመሪያውን ቁጥር አትንኩ።
2. የመቀነስ ምልክቱን መደመር አድርጉት።
3. ሁለተኛውን ቁጥር በተቃራኒው ተኩ።
4. ወደ ደረጃ 4 ተመለሱ።

እንሞክር፦ 1/4 − (−2/3)። ይህ 1/4 + 2/3 ይሆናል። 3/12 + 8/12 = 11/12።

ሌላ፦ −1/2 − 3/5። ይህ −1/2 + (−3/5) ነው። −5/10 + (−6/10) = −11/10፤ ማለትም −1 1/10። ዕዳ ላይ ዕዳ ሲጨመር ዕዳው ይበዛል።

ማስጠንቀቂያ፦ 2ኛውንና 3ኛውን አብራችሁ አድርጉ። አንዱን ብቻ አድርጎ መተው ከምንም ይብሳል። የመጀመሪያውንም ቁጥር ምልክት መቀየር ሌላው በሽታ ነው። እጃችሁ የለመደው ከሆነ የመጀመሪያውን ቁጥር በእርሳስ ክበቡትና "አይነካም" በሉት።

መበደር ሲያስፈልግ

3 1/4 − 1 2/3 ሲመጣ ሩቡ ከሁለት ሦስተኛው ያንሳል፤ አይቀነስም። ሁለት መንገድ አለ።

አንደኛው ሁለቱንም ላዕሉ ከታህቱ ወደሚበልጥ ክፍልፋይ መቀየር ነው፦ 13/4 − 5/3 = 39/12 − 20/12 = 19/12 = 1 7/12።

ሁለተኛው ከ3ቱ አንዱን መዘርዘር ነው። 3 ማለት 2 + 4/4 ነው። ይኸው 1 እንደገና ልብስ ቀየረ! ስለዚህ 3 1/4 = 2 5/4። ታህቱን 12 ስታደርጉ 2 15/12 − 1 8/12 = 1 7/12። መልሱ አንድ ነው። ቁጥሮቹ ትልልቅ ከሆኑ፣ ለምሳሌ 48 1/4 − 19 2/3 ከሆነ፣ ሁለተኛው መንገድ ይቀላል። ኔጌቲቭ ካለበት ግን የመጀመሪያውን ምረጡ፤ ምልክት አይጠፋባችሁም።

ደረጃ 6፦ እኩልታ ውስጥ ተጠቀሙበት

ያልታወቀውን ቁጥር ቀ እንበለው። አሁን ወረቀቱ አናት ላይ የጻፋችሁትን ጥያቄ አንሡ፦ 0 ወይስ 1?

ቀ ላይ የተደመረ ቁጥር ካለ ወደ 0 አውርዱት። ተቃራኒውን በሁለቱም በኩል ደምሩ።

ቀ + 3/4 = 1/6
ቀ + 3/4 + (−3/4) = 1/6 + (−3/4)
ቀ + 0 = 2/12 + (−9/12)
ቀ = −7/12

ማረጋገጫ፦ −7/12 + 9/12 = 2/12 = 1/6። ልክ ነው።

ከቀ ጋር የተባዛ ቁጥር ካለ ወደ 1 አምጡት። በግልብጡ በሁለቱም በኩል አባዙ።

2/3 × ቀ = −5/6
3/2 × 2/3 × ቀ = 3/2 × (−5/6)
1 × ቀ = −15/12
ቀ = −5/4

ማረጋገጫ፦ 2/3 × (−5/4) = −10/12 = −5/6። ልክ ነው።

ብዙ ሰው እዚህ ጋ 2/3 ላይ −2/3 ሊደምር ይሞክራል። 2/3 ግን ቀ ላይ አልተደመረም፣ ተባዝቷል። በማባዛት የመጣ በማባዛት ይሄዳል።

ሁለቱም ሲኖሩ፦ 2/3 × ቀ + 1/2 = 1/4። ካልሲ ቀድሞ ይጠለቃል፣ ጫማ ይከተላል። ሲወልቅ ግን ጫማው ይቀድማል። ቀ መጀመሪያ ተባዝቶ በኋላ ተደምሮበታል፤ ስለዚህ የተደመረውን አስቀድማችሁ አንሡ። 2/3 × ቀ = 1/4 − 1/2 = −1/4። ከዚያ በ3/2 አባዙ፦ ቀ = −3/8።

አንድ ከባድ ማስጠንቀቂያ

እኩልታ ላይ ሁለቱንም ወገን በ12 አባዝቶ ታህቶቹን ማጥፋት ይቻላል። ሚዛኑ በሁለቱም በኩል እኩል ስለሚጨምር አያጋድልም። ይህን የለመደ ተማሪ ግን 1/3 + 1/4 ብቻ ሲሰጠው በ12 አባዝቶ 7 ይላል። ሲሶና ሩብ ሰባት ሙሉ? እዚህ ሁለተኛ ወገን የለም፤ ስለዚህ በ12 ማባዛት ዋጋውን ይለውጣል። መባዛት ያለበት በ12/12 ነው፤ መልሱም 7/12 ነው። ስለዚህ ከማባዛታችሁ በፊት የእኩል ምልክቱን ፈልጉ። ከሌለ በ1 እንጂ በሌላ ቁጥር አታባዙ።

ደረጃ 7፦ ክፍልፋይ በክፍልፋይ ላይ ሲቆለል

ከላይ 3/4፣ ከታች 5/6 ያለበት ቁልል ሲመጣ ሰው ይደነግጣል። በ12/12 አባዙት። ከላይ 3/4 × 12 = 9። ከታች 5/6 × 12 = 10። መልሱ 9/10። በቃ።

"ሁለተኛውን ገልብጠህ አባዛ" የሚባለውም ከዚሁ የመጣ ነው። ከላይም ከታችም በ6/5 ስታባዙ ታህቱ 5/6 × 6/5 = 1 ይሆናል። ላዕሉ ብቻ ይቀራል፦ 3/4 × 6/5 = 18/20 = 9/10። የሚገለበጠው የሚያካፍለው ነው፣ የመጀመሪያው አይደለም።

መለኪያ መቀየርም ያው ዘዴ ነው። አንድ ኩንታል 100 ኪሎ ስለሆነ "100 ኪሎ በ1 ኩንታል" ራሱ 1 ነው። 3/8 ኩንታል ጤፍ በዚህ ሲባዛ 37.5 ኪሎ ይሆናል። ጤፉ አልጨመረም።

መልሱ አልመጣ ሲል

የመልሱ ቁጥር ትክክል ሆኖ ምልክቱ ከተገለበጠ፣ ስትገለብጡ ኔጌቲቩን ጥላችኋል ወይም ከቅንፉ ፊት ያለውን ኔጌቲቭ ረስታችኋል።

መልሱ ከምትገምቱት በጣም ከተለቀና ሙሉ ቁጥር ከሆነ፣ በ1 ፋንታ በታህቱ አባዝታችኋል። ደረጃ 6 ላይ ያለውን ማስጠንቀቂያ እንደገና አንብቡ።

ሁለት ፖዘቲቭ ክፍልፋይ ደምራችሁ ከአንዱ ያነሰ ከመጣ፣ ታህቶቹን ደምራችኋል።

መልሳችሁ 22/48፣ የመጽሐፉ መልስ 11/24 ከሆነ አልተሳሳታችሁም። አቃሉት። ሁለት ክፍልፋይ እኩል መሆናቸውን ለማወቅ በመስቀል አባዙ፦ 22 × 24 = 528፣ 11 × 48 = 528። እኩል ከሆነ አንድ ናቸው።

ምን እንደጠፋ ጭራሽ ካልታወቃችሁ ካልኩሌተሩን አሁን አምጡ። እያንዳንዱን መስመር ወደ ነጥብ ቁጥር ቀይሩ። ለምሳሌ 5/6 በግምት 0.83፣ 3/8 ደግሞ 0.375 ነው። ዋጋው የተለወጠበትን የመጀመሪያ መስመር ስታገኙ ስህተቱ እዚያው ነው። ሙሉውን አጥፍቶ ከመጀመሪያ መጀመር ጊዜ ይበላል፣ ያንኑ ስህተትም ያስደግማል።

ሞክሩ

ከታች ያሉትን መልሶች በወረቀት ሸፍኑ።

1. የ−7/9 ተቃራኒና ግልብጥ ስንት ናቸው?
2. 4/15ን ታህቱ 60 የሆነ ክፍልፋይ አድርጉ።
3. −2/5 + 1/6
4. 3/10 − (−1/4)
5. ቀ − 5/8 = −1/2
6. −3/4 × ቀ + 1/3 = 5/6

መልሶች፦ 1ኛ) 7/9 እና −9/7። 2ኛ) 16/60። 3ኛ) −7/30። 4ኛ) 11/20። 5ኛ) 1/8። 6ኛ) −2/3።

6ኛው ላይ 2/3 ካመጣችሁ ስትገለብጡ ኔጌቲቩን ጥላችሁታል፤ ወደ ደረጃ 1 ዓምድ ተመለሱ። −14/9 ካመጣችሁ ደግሞ 1/3ን ከመቀነስ ይልቅ ደምራችሁታል። የእህቴ ልጅ 5ኛውን ሁለቴ ተሳስታ በሦስተኛው አገኘችው፤ 6ኛውን ለነገ ብላ ደብተሯን ዘጋች።